አፍንጫው ሽቅብ፣ መንገዱ ቁልቁል፦ ስለ አንግል ኦፍ አታክ መለኪያ

ቦሌ አራብሳ የሚኖር ሰው አውሮፕላን ለማየት ጣሪያ ላይ መውጣት አያስፈልገውም። ከምሥራቅ መጥተው ቦሌ የሚያርፉት ጎማቸውን ዘርግተው በዚያ በኩል ዝቅ ብለው ያልፋሉ። ልጆቹ ገና ድምፁን ሲሰሙ "ድሪምላይነር ነው"፣ "አይ፣ ኤርባስ ነው" እያሉ ይወራረዳሉ። በሚቀጥለው ጊዜ አንዱ ሲያልፍ ስሙን ተዉትና አፍንጫውን እዩት። አውሮፕላኑ እየወረደ ነው። አፍንጫው ግን ቀና ብሏል።

ዓይናችሁ አልሸወዳችሁም። በተለመደው አሠራር ለማረፍ የሚመጣ አውሮፕላን 3 ዲግሪ ያህል ቁልቁል ይጓዛል። አካሉ ደግሞ ብዙ ጊዜ 2 ወይም 3 ዲግሪ ሽቅብ ያያል። ክንፉን የሚያገኘው ንፋስ የሚመጣው አፍንጫው ከሚያይበት ሳይሆን አውሮፕላኑ ከሚሄድበት አቅጣጫ ነው። ስለዚህ በንፋሱና በክንፉ መሃል 5 ወይም 6 ዲግሪ ያህል ልዩነት አለ። ክንፉ ከአካሉ ጋር ሲገጠም የሚሰጠውን ትንሽ ዝንባሌ ለጊዜው ትተነዋል። ይህ ልዩነት ነው አንግል ኦፍ አታክ የሚባለው። ከዚህ በኋላ "ማዕዘኑ" እያልኩ እቀጥላለሁ።

ማዕዘኑ ምን እንደሚሠራ ለመረዳት ላቦራቶሪ አያስፈልግም። በከተማዋ ዳርቻ ቤት የሠራ ሰው በመጋቢት ንፋስ የጣሪያ ቆርቆሮ ተሸክሞ ያውቃል። ቆርቆሮውን አግድም ይዛችሁ የፊቱን ጠርዝ ትንሽ ቀና ስታደርጉት ከእጃችሁ ሊነሳ ይታገላል። ጨመር ስታደርጉት የባሰ ያነሳል። በጣም ካቀናችሁት ግን ማንሳቱን ይተውና ወደ ኋላ ይገፋችኋል።

ክንፍም እንደዚሁ ነው። ማዕዘኑ እስከ አንድ ልክ ድረስ ሲጨምር የሚያነሳው ኃይል ይጨምራል። ልኩ ሲታለፍ በክንፉ ጀርባ ላይ ተለጥፎ ይፈስ የነበረው አየር ይላቀቃል፤ ይተራመሳል። ኃይሉም ወዲያው ያሽቆለቁላል። አብራሪዎች ስቶል ይሉታል። ሞተሩ ደህና ነው፤ የለቀቀው ክንፉ ነው። በትንንሽ አውሮፕላኖች ልኩ ብዙ ጊዜ ከ15 እስከ 18 ዲግሪ ባለው ውስጥ ይገኛል። ዋናው ነገር ይህ ልክ ለአንድ ክንፍ አንድ መሆኑ ነው። ፍላፕ (ከክንፉ የኋላ ጠርዝ ወደ ታች የሚዘረጋው ክፍል) ካልተዘረጋ፣ ክንፉም በረዶ ካልያዘው፣ አውሮፕላኑ ቢከብድም ቢቀልም፣ ቢዞርም ቀጥ ቢልም ልኩ ያው ነው።

ታዲያ አብራሪው ይህን ማዕዘን በምን ያየዋል? በአብዛኞቹ ትንንሽ አውሮፕላኖች መልሱ "በምንም" ነው። የሚያየው ፍጥነትን ነው። የአውሮፕላኑ መመሪያ መጽሐፍ "ከዚህ ፍጥነት በታች ስቶል ታደርጋለህ" ይለዋል፤ እሱም ያንን ቁጥር ሸምድዶ ይበርራል። ቁጥሩ ውሸት አይደለም። ግን የሚሠራው አውሮፕላኑ ሙሉ ጭነት ይዞ፣ ሳይዞር፣ በዝግታ ፍጥነት ሲቀንስ ነው። ኑሮ ደግሞ ሁልጊዜ እንደዚያ አይደለም።

በቁጥር እንየው። ቀጥ ብሎ ሲበርር በ50 ኖት (በሰዓት 93 ኪሎ ሜትር ያህል) ስቶል የሚያደርግ አውሮፕላን አለ እንበል። ከፍታውን ሳይለቅ 45 ዲግሪ ዘንበል ብሎ ሲዞር ያ ፍጥነት ወደ 60 ኖት ይጠጋል። 60 ዲግሪ ዘንበል ካለ 71 ኖት ይደርሳል። ነዳጁ አልቆ፣ ተሳፋሪው ወርዶ ክብደቱ በአንድ አምስተኛ ከቀነሰ ደግሞ ወደ 45 ይወርዳል። የፍጥነት መለኪያው ላይ የተቀባው መስመር ግን ከቦታው ንቅንቅ አይልም። አንድ አውሮፕላን፣ አንድ ክንፍ፣ አራት የተለያየ ቁጥር። በአራቱም ጊዜ ማዕዘኑ አንድ ነበር።

ነገሩ ለአዲስ አበባ የሚብስበት ምክንያት አለ። ቦሌ ከባሕር ወለል በላይ 2,334 ሜትር ላይ ነው። በ25 ዲግሪ ሙቀት አየሩ ስለሚሳሳ አውሮፕላኑ ከ3,200 ሜትር በላይ ያለ ያህል ይሰማዋል። ሞተሩ ይደክማል፤ ይህን ሁሉም ያውቃል። ብዙም የማይወራለት ሌላው ነው። መለኪያው 65 ኖት እያለ አውሮፕላኑ በእውነቱ አየሩን የሚሰነጥቀው በ76 ኖት አካባቢ ነው። ክንፉ የሚያውቀው 65ቱን ስለሆነ ስቶሉ አልተለወጠም። የአብራሪው ዓይን ግን መሬቱ ሲሮጥ ያያል። በዝቅተኛ ቦታ የተማረ ሰው "ፈጥኛለሁ" ብሎ ፍጥነት መቀነስ ያምረዋል።

በዚያ ላይ መዞሪያው ይሰፋል። በእኩል ዝንባሌ የሚዞር አውሮፕላን የመዞሪያው ስፋት በእውነተኛ ፍጥነቱ ካሬ ልክ ያድጋል። ስለዚህ እዚህ የሚዞረው ክብ ባሕር ዳርቻ ላይ ከሚዞረው ከአንድ ሦስተኛ በላይ ይሰፋል። አሁን አብራሪው ለማረፍ የመጨረሻውን መታጠፊያ እየታጠፈ ነው እንበል። ንፋስ ከኋላ እየገፋው የራንዌዩን መስመር ሊያልፈው ነው። ምን ያደርጋል? ዘንበሉን ይጨምራል፣ መሪውን ወደ ራሱ ይስባል። አንዳንዱ ደግሞ አፍንጫውን ቶሎ ለማዞር በእግሩ የራደር ፔዳሉን፣ ማለትም የጅራቱን መሪ የሚያዞረውን፣ ይረግጣል። የፍጥነት መለኪያው አሁንም ደህና የሚመስል ቁጥር ያሳያል። ማዕዘኑ ግን ወደ ልኩ እየሮጠ ነው። ከመሬት 150 ሜትር ብቻ ከፍ ብሎ አንዱ ክንፍ ቀድሞ ከለቀቀ አውሮፕላኑ ይገለበጣል፤ ለማዳን የሚበቃ ከፍታ የለም። አብራሪ አውሮፕላኑን ሳይቆጣጠር ቀርቶ የሚደርሰው አደጋ በትንንሽ አውሮፕላኖች ገዳይ አደጋ ዝርዝር አናት ላይ ለዓመታት የቆየው በዚህ ዓይነት ነገር ጭምር ነው።

"ጡሩምባው የት ሄዶ?" የሚል አይጠፋም። ልክ ነው፣ የስቶል ማስጠንቀቂያ አለ። ሴስና 172 ላይ ከግራ ክንፍ ፊት ለፊት ትንሽ ቀዳዳ ታያላችሁ። ማዕዘኑ ሲበዛ በዚያ በኩል አየር ይሳብና ውስጥ ያለችውን ጡሩምባ ያስጮኻታል። መብራት የለው፣ ኮምፒውተር የለው። እኔ በግሌ ከአውሮፕላን ዕቃ ሁሉ የምወዳት እሷን ነው። ችግሯ ሁለት ነገር ብቻ ማወቋ ነው፦ ዝም ማለትና መጮህ። ወደ ልኩ እየተጠጋህ መሆኑን፣ በምን ያህል ፍጥነት እየተጠጋህ እንደሆነ አትናገርም። በጭንቅ ሰዓት ደግሞ ጆሮ ይደነቁራል፤ ብዙ አብራሪ ጡሩምባው እየጮኸ መሪውን መሳቡን ቀጥሏል።

የማዕዘን መለኪያ የሚሞላው ይህን ክፍተት ነው። አሠራሩ ሦስት ዓይነት ነው። አንደኛው በንፋሱ አቅጣጫ የምትዞር ትንሽ ክንፍ መሰል ምላስ ናት፤ ትልልቆቹ አውሮፕላኖች አፍንጫ አጠገብ የምትታየው እሷ ናት። ሁለተኛው ሁለት ቀዳዳ ያለው ዘንግ ነው። አንዱ ቀዳዳ ፊት ለፊት ያያል፣ ሌላው በሰያፍ ተቆርጦ ወደ ታች ያያል፤ ማዕዘኑ ሲለወጥ በሁለቱ መሃል ያለው የግፊት ልዩነት ይለወጣል። ለትንንሽ አውሮፕላን ተጨማሪ ሆኖ የሚሸጠው በብዛት ይሄ ነው፤ ከክንፉ ሥር ባለው የፍተሻ ክዳን ላይ ስለሚገጠም ክንፉን መብሳት አያስፈልግም። ሦስተኛው ምንም ዕቃ ውጭ አይሰቅልም። ኮክፒቱ ውስጥ ካሉት ዲጂታል መሣሪያዎች ፍጥነቱን፣ ዝንባሌውንና አቅጣጫውን ወስዶ ማዕዘኑን ያሰላል። ርካሽ ነው። ግን የፍጥነት መለኪያው ቱቦ ከተደፈነ እሱም አብሮ ይሳሳታል፤ ሁለተኛ ምስክር ፈልገህ የመጀመሪያውን ምስክር ወንድም እንደመጥራት ነው።

እዚህ ላይ የአዲስ አበባ ሰው ፊቱን ማኮሳተሩ አይቀርም። "ይሄ የማክሱ ሴንሰር አይደል እንዴ?" አዎ፣ እሱው ነው፤ የቦይንግ 737 ማክሱ። ስለዚህ ዞር ብለን ልናየው ይገባል።

መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድ የበረራ ቁጥር 302 ከቦሌ ወደ ናይሮቢ ወደ ምሥራቅ ተነሳ። ገና ከመሬት እንደለቀቀ የግራው የማዕዘን ሴንሰር ንባብ ዘለለና በአንድ ሰከንድ ባልሞላ ጊዜ 74.5 ዲግሪ ደረሰ። የቀኙ በዚያው ቅጽበት ከ15.3 አላለፈም። 74.5 ዲግሪ ማለት አውሮፕላኑ በሆዱ ንፋሱን እየገጨ ነው ማለት ነው፤ እየተነሳ ላለ አውሮፕላን የማይሆን ነገር ነው። ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ ያየ ማንም ሰው "አንዱ ዋሽቷል" ይላል። ኤምካስ የተባለው ሶፍትዌር ግን የሚሰማው አንዱን ብቻ ነበር። "ክንፉ ሊለቅ ነው" ብሎ አፍንጫውን ደጋግሞ ወደ ታች ገፋ። በ6 ደቂቃ ውስጥ አውሮፕላኑ ጊምቢቹ ወረዳ፣ ቱሉ ፈራ አካባቢ ወደቀ። 157 ሰው ሕይወቱ አለፈ። ከዚያ አምስት ወር ባልሞላ ጊዜ ቀደም ብሎ ጥቅምት 19 ቀን 2011 ዓ.ም. በኢንዶኔዢያ 189 ሰው የሞተበት የላየን ኤር አደጋም በተመሳሳይ መንገድ ነበር የሆነው፤ እዚያ የግራና የቀኙ ልዩነት 20 ዲግሪ ገደማ ነበር።

ከዚህ ታሪክ ብዙ ሰው የያዘው "ሴንሰሩ ገደላቸው" የሚለውን ነው። እኔ እንደዚያ አላነበውም። ሴንሰር ይበላሻል። ወፍ ይመታዋል፣ ሽቦው ይበጠሳል፣ ጠጋኙ ይሳሳታል። ጥፋቱ አንድ ሴንሰር ያለ ምስክር መሪ እንዲይዝ መደረጉ ነው። ሌላም ነገር አለ። "ሁለቱ ሴንሰሮች አልተስማሙም" የሚል ማስጠንቀቂያ በሁሉም ማክስ ላይ መሥራት ነበረበት። ሶፍትዌሩ ግን ማስጠንቀቂያውን በተጨማሪ ክፍያ ከሚገዛው የማዕዘን ማሳያ ጋር አሰረው። ማሳያውን ያልገዛ ማስጠንቀቂያውም አልሠራለትም። ቦይንግ ይህን እ.ኤ.አ. በ2019 ራሱ ተናግሯል። አስቡት፦ መረጃው አውሮፕላኑ ውስጥ አለ፣ ኮምፒውተሩ ይጠቀምበታል፣ ለሰውዬው ግን አይነገረውም። በኋላ በተደረገው ማስተካከያ ኤምካስ ሁለቱንም ሴንሰሮች ያነጻጽራል፤ በ5.5 ዲግሪ ወይም ከዚያ በላይ ከተለያዩ ዝም ይላል። ማስጠንቀቂያውም ለሁሉም መደበኛ ሆነ። የእኛው አየር መንገድ ማክስን ወደ ሥራ የመለሰው እ.ኤ.አ. የካቲት 1 ቀን 2022 ነው።

ተቃራኒውም ደርሷል። እ.ኤ.አ. ሰኔ 1 ቀን 2009 የኤር ፍራንስ በረራ 447 አትላንቲክ ላይ የፍጥነት ቱቦዎቹን በረዶ ደፈነበት። አብራሪዎቹ ግራ ተጋቡ፤ አንደኛው መሪውን ስቦ ያዘ። ማዕዘኑ ከ35 ዲግሪ አልፎ ሄደ። አውሮፕላኑ አፍንጫው ቀና እንዳለ እንደ ድንጋይ ወረደ፤ 228 ሰው ሞተ። የሚያሳዝነው ነገር ፍጥነቱ ከ60 ኖት በታች ሲነበብ ኮምፒውተሩ "የማዕዘኑን መረጃ አላምንም" ብሎ የስቶል ማስጠንቀቂያውን ያጠፋው ነበር። አፍንጫውን ዝቅ ሲያደርጉ፣ ማለትም ትክክለኛውን ሲሠሩ፣ ማስጠንቀቂያው ተመልሶ ይጮኻል። ከአደጋው በኋላ የፈረንሳይ መርማሪዎች ማዕዘኑን ለአብራሪው በቀጥታ ማሳየት ይጠቅም እንደሆነ እንዲጠና ሐሳብ አቀረቡ። በዚያ ኮክፒት ውስጥ ማዕዘኑን የሚያሳይ አንድም ነገር አልነበረም።

ለትንንሾቹ አውሮፕላኖች የሚጨመረው መለኪያ እንግዲህ ከኤምካስ ጋር የሚጋራው የሚለካውን ነገር ብቻ ነው። ከመሪው ጋር አይገናኝም። መብራት ያበራል፣ ድምፅ ያሰማል፣ አለቀ። ቢዋሽ እንኳ አብራሪው የፍጥነት መለኪያው፣ ጡሩምባዋና የራሱ መቀመጫ ስሜት አሉት።

የአሜሪካው የአቪዬሽን ተቆጣጣሪ ኤፍኤኤ እ.ኤ.አ. በየካቲት 2014 ደንቡን ያቀለለውም በዚህ ሒሳብ ነው። ከዚያ በፊት በተመዘገበ አውሮፕላን ላይ እንዲህ ያለ ዕቃ ለመግጠም የሚጠየቀው ወረቀትና ሙከራ ብዙ ነበር። አዲሱ አሠራር አምራቹ የታወቀውን ስታንዳርድ ተከትሎ መሥራቱን እንዲያረጋግጥ ይጠይቃል። ቅድመ ሁኔታው ግን ጥብቅ ነው፦ ዕቃው ተጨማሪ እንጂ ዋና መሣሪያ አይሆንም፣ አብራሪውም ዋናውን ትቶ በእሱ ብቻ መመራት የለበትም። በእኛ አገር የተመዘገበ አውሮፕላን ላይ እንዲህ ያለ ለውጥ ለማድረግ የሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን ይሁንታ ያስፈልጋል። አሜሪካ ስለፈቀደ ብቻ ገዝቶ መጥቶ መግጠም የለም።

ማሳያዎቹ ብዙ ጊዜ ከመሣሪያዎቹ ሰሌዳ በላይ፣ ከመስታወቱ ሥር ይቀመጣሉ። ዓይን ከውጭ ሳይነሳ እንዲያያቸው ነው። አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ መስመሮች፤ መሃል ላይ ደግሞ "ስታርፍ እዚህ ያዘኝ" የምትል ምልክት። ምልክቷ የምትቀመጠው ከስቶል ፍጥነት 1.3 እጥፍ ላይ ከሚገኘው ማዕዘን ጋር ነው። ክብደትህ ምንም ይሁን ምን ምልክቷን ከያዝክ ትክክለኛ ፍጥነት ላይ ነህ፤ ሠንጠረዥ ማገላበጥ ቀረ። አንዳንዶቹ ጥሩ ድምፅ አላቸው፤ ወደ ልኩ ስትጠጋ ቢፕ ቢፕ ማለቱ ይፈጥናል። ምረጥ ብትሉኝ ገንዘቤን የማወጣው ለድምፁ ነው። በዚያ በመጨረሻው መታጠፊያ ላይ አብራሪው የሚያየው ራንዌዩን ነው፤ ቀለም ለመቁጠር ጊዜ የለውም።

ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላ ዕቃው የማይሠራውንም ልንገራችሁ። ንፋሱ ሲረብሽ ንባቡ ይዘላል። አውሮፕላኑ በጎኑ ሲንሸራተት የአንድ ክንፍ ዘንግ የሌላውን ክንፍ ችግር ላያይ ይችላል። ፍላፕ ሲወርድ ልኩ ይቀየራል፤ ለፍላፕ የተለየ ማስተካከያ የሌለው መለኪያ በአንዱ ሁኔታ ልክ ሆኖ በሌላው ያጭበረብራል። ዘንጉ ላይ ያሉት ቀዳዳዎች ጠባብ ናቸው። በበጋ የዳርቻው አቧራ ይገባባቸዋል፤ ነፍሳትም ይወዷቸዋል። ሽፋን ያልለበሰ ዘንግ ውጭ ካደረ ጠዋት በእጅ ባትሪ ሳይታይ አይነሳም።

ትልቁ ሥራ ካሊብሬሽን ነው። ዕቃው ከካርቶን ሲወጣ የእናንተን ክንፍ አያውቅም። አብራሪው ወደ ላይ ወጥቶ፣ መጀመሪያ በተለመደው የጉዞ ፍጥነት፣ ቀጥሎ በማረፊያው ፍጥነት፣ በአንዳንዶቹ ዓይነቶች ደግሞ እስከ ስቶል ድረስ ወስዶ "ይህ አረንጓዴ ነው፣ ይህ ቀይ ነው" ብሎ ያስተምረዋል። በስህተት ያስተማረው መለኪያ አረንጓዴ እያበራ ክንፉ ሊለቅ ይችላል፤ እንዲህ ያለው ባይኖር ይሻላል። ካሊብሬሽን ከተደረገ በኋላ ሌላ ሰው በሌላ ቀን ወጥቶ ንባቡ ጡሩምባዋ ከምትጮህበት ጋር መግጠሙን ቢያረጋግጥ ጥሩ ነው።

ለአዲስ አበባ ዙሪያ ደግሞ ይሄ ሥራ የራሱ ጣጣ አለው። ስቶል የሚሞከረው ከመሬት ቢያንስ 900 ሜትር ከፍ ተብሎ ነው እንበል። መሬቱ ራሱ ከ2,300 ሜትር ሲጀምር 3,200 ሜትር መውጣት ግድ ነው። በሰሜን እንጦጦ፣ በደቡብ ምሥራቅ የረር ራሳቸው ወደዚያ ከፍታ ይጠጋሉ። 4,200 ሜትር አካባቢ አቅሙ የሚያልቅ የማስተማሪያ አውሮፕላን እዚያ ለመድረስ ብዙ ደቂቃ ይፈጃል፤ ከእያንዳንዱ ሙከራ በኋላ ያጣውን ከፍታ ለመመለስም እንደገና ይንፏቀቃል። ስለዚህ ሁለት ሰው ብቻ ይዞ፣ ነዳጁንም ለሥራው በሚበቃ ልክ ሞልቶ፣ ማልዶ አየሩ ሳይሞቅ መውጣት ይሻላል። ወደ እኩለ ቀን ሲጠጋ ከመሬት የሚነሳው ሙቀት አውሮፕላኑን ያንገጫግጨዋል። ንባቡ ከአረንጓዴ ቢጫ፣ ከቢጫ አረንጓዴ መዝለል ከጀመረ የዚያን ቀን ቁጥር አይመዘገብም፤ ወርዶ በሌላ ጠዋት መመለስ ነው።